የጭምብሉ ጉርጦች

ስም ይወጣል ከቤት፣ ይከተላል ጎረቤት ይባላል። የአጎቴ ስም ግን የወጣው ከሥራ ቦታ ነው። ሃያ አራት ዓመት ሙሉ በግሪንሃውስ ውስጥ መድኃኒት ረጪ ስለነበር፣ ከአፍንጫው እስከ አገጩ የሚሸፍን ጭምብልም ስለማይለየው፣ "ጭምብሉ" አሉት፤ በዚያው ቀረ። እኔ እዚያው ማሸጊያ ክፍል ነው የምሠራው። አብረውኝ ሰላጣ የሚያሽጉት ሴቶች አጎቴን መንገድ ላይ ያለ ጭምብል ሲያዩት አያውቁትም። አንድ ቀን ሰላም ብሏቸው ሲያልፍ "ይሄ ደግሞ ማን ነው?" አሉኝ። ነገር አይዋጥልኝምና "ትናንት በራችሁ ላይ ቀይ ጨርቅ ሰቅሎ ከመርዝ ያዳናችሁ ሰውዬ ነዋ" አልኳቸው። ሁለት ቀን አኮረፉኝ።

ዘጠኝ ዓመቴ ላይ ከእናቴ ተቀብለው ያሳደጉኝ እሱና ሚስቱ ናቸው። የራሳቸው ልጅ አልነበራቸውም። ሚስቱን እትዬ እላታለሁ። ስለ ሁለቱ ሳወራ የማዳላ ከመሰላችሁ፣ አልተሳሳታችሁም።

አጎቴ ጥንቁቅ ነው። አብረውት ሥራ የጀመሩት ረጪዎች አንዱ እጁን ሳይታጠብ ዳቦ በልቶ ሆስፒታል ገባ፤ ሌላው ነፋስ ፊት ለፊቱ እየመጣበት ረጭቶ ዓይኑ ደከመ። አጎቴ ግን አንድ ቀን እንኳ ታሞ አልተኛም። ረጭቶ ሲጨርስ በሩ ላይ ቀይ ጨርቅ ይሰቅላል። ጨርቁ ሳይወርድ የእርሻው ባለቤት ራሱ ቢመጣ አያስገባውም። ከሥራ ሲመለስም በፊት በር አይገባም። በጓሮ ዞሮ ቱታውን ያወልቃል፣ ከጓንቱ ጋር ከረጢት ውስጥ ይከታል፣ ቧንቧው ሥር ቆሞ እስከ ክርኑ በሳሙና ይታጠባል።

"ታጠብክ?" ትለዋለች እትዬ ከወጥ ቤት።

"ታጠብኩ።"

"እስቲ ድገመው።"

ይደግመዋል። ከዚያ በኋላ ነው ቤት የሚገባው። ልጅ ሆኜ ሮጬ ስቀበለው ክርኑን ነበር የሚያስነካኝ። "እጄ አይንካሽ፣ እጄ መርዝ ነው" ይለኛል። ታጥቦም ቢሆን ዳቦ በሹካ ነው የሚበላው። ጎረቤቶቻችን ሲያዩት እንደ ኩራት ይቆጥሩበት ነበር። ኩራት አልነበረም። ሰውዬው የገዛ እጁን ይፈራ ነበር።

ቅዳሜ ሲሆን እትዬ ከረጢቱን ትፈታለች። ቱታውን ሰማያዊው ሳፋ ውስጥ ትዘፈዝፋለች። ጓንቶቹን፣ እስከ ክርን የሚደርሱትን አረንጓዴ ወፍራም የላስቲክ ጓንቶች፣ ከውስጥ ወደ ውጭ ገልብጣ በሳሙና ታሻቸዋለች። ከዚያ ገመዱ ላይ፣ ልጅ ሳለሁ ከትምህርት ቤት ሸሚዜ አጠገብ፣ በመቆንጠጫ ታንጠለጥላቸዋለች። ሠፈሩ ውስጥ እንደ እሷ ልብስ የሚያጠራ የለም። አጎቴ "ከዚህ ቤት የሚወጣ ጓንት ከሐኪም ጓንት ይነጻል" ይላታል። ሰውዬው ምስጋና ስለማይቀናው እሷ በዚህች ቃል ሳምንት ትከርማለች።

ከሦስት ዓመት ወዲህ የእትዬ ጣቶች መደንዘዝ ጀመሩ። መጀመሪያ መርፌ መያዝ አቃታት። ቀጥሎ ቁልፍ መቆለፍ። ብርጭቆ ከእጇ እየሾለከ ስለሚሰበር ቤታችን ውስጥ የቀረው የቆርቆሮ ኩባያ ብቻ ነው። "ብርጭቆ ጠልቶኛል" ብላ ትስቃለች። የሠፈሩ ጤና ጣቢያ ዕድሜ ነው አላት። ዕድሜዋ ያን ጊዜ ሃምሳ እንኳ አልሞላም።

ነገሩ ሁሉ የተለወጠው አምና ነው። በአንድ ወር ውስጥ ሁለት ነገሮች መጡ። በዓመታዊው ምርመራ ሐኪሙ የአጎቴን ደም አይቶ "ከእንግዲህ መርጨት የለብህም" አለው። በዚያው ሰሞን ሰላጣችንን የሚወስዱት ትልልቅ ሱቆች መድኃኒት የነካው አንፈልግም ብለው መለሱ። ባለቤቱ ግራ ሲገባው አንዲት ወጣት አግሮኖሚስት ቀጠረ። እሷም ጭነት መኪና ላይ በባልዲ፣ በባልዲ፣ እርጥብ ጆንያ የለበሰ ነገር ይዛ መጣች። ማሸጊያ ክፍል ያለን ሴቶች አዲስ ዘር መስሎን ልናይ ወጣን። ጆንያው ሲነሳ ሰማንያ ጉርጥ ዓይኑን አፍጥጦ አየን። ከመካከላችን ሮጣ ገብታ ጠረጴዛ ላይ የወጣችም ነበረች። ስሟን አልናገርም፣ እኔ ነኝ።

አጎቴ ከፍጥረት ሁሉ ጉርጥ ይጠላል። የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል እንዲሉ፣ አርባዎቹ ለእሱ ተሰጡ።

አግሮኖሚስቷ ሁላችንንም ሰብስባ አስረዳች። ሰላጣውን የሚበሉት ቀንድ አውጣና ቆራጭ ትል መሬት ለመሬት የሚሄዱ ናቸው፤ ጉርጥም ሲመሽ ከተደበቀበት ወጥቶ እነሱን ይለቅማል። ቀን የሚያርፍበት ጥላና እርጥብ ቦታ፣ የሚነከርበት ውሃ ብቻ ነው የሚፈልገው። "አንድ ነገር ብቻ አደራ" አለች። "ጉርጥ ውሃ የሚጠጣው በአፉ አይደለም፣ በቆዳው ነው። የነካውን ሁሉ ይጠጣል። ስትይዟቸው እጃችሁን በንጹህ ውሃ አርጥቡ።"

ከግሪንሃውሶቹ አንደኛው ቤት ለአጎቴ፣ ሁለተኛው ቤት ለእርሻው ዘበኛ ተሰጠ። ጊዜው አሥር ሳምንት ነው። ባለቤቱ ደግሞ ሳይሸሽግ ተናገረ፤ በአሥር ሳምንት ውስጥ ሰላጣው ንጹህ ሆኖ ካልወጣ ወደ ርጭት እንመለሳለን፣ ሌላ ወጣት ረጪ እንቀጥራለን። አጎቴን አየት አድርጎ "ለጭምብሉም ያኔ የሚሆን ሥራ የለኝም" አለ። አጎቴ ሃምሳ ስድስት ዓመቱ ነው። ከመርጨት ሌላ ሙያ የለውም። መርጨት ደግሞ ተከልክሏል። በእነዚያ አርባ ጉርጦች ላይ የተንጠለጠለው እንግዲህ እሱ ራሱ ነበር።

"ምንድን ነው የምሠራው ታዲያ?" አላት አግሮኖሚስቷን።

"ይጠብቋቸዋል ጋሼ።"

"ከምን?"

"ከምንም። ዝም ብለው ይዩአቸው። በሳምንት አንዴ ይቁጠሯቸው።"

ለሃያ አራት ዓመት አሥራ አምስት ሊትር ፓምፕ በጀርባው ተሸክሞ ለኖረ ሰው "ዝም ብለህ እይ" ማለት ስድብ ነው። የመጀመሪያውን ሳምንት እጁን የት እንደሚያደርገው እንኳ ጠፋው። ኪሱ ይከተዋል፣ ያወጣዋል፣ መልሶ ይከተዋል። ከዚያ ሥራ ለራሱ ፈጠረ። በሳምንት አንዴ ቁጠር የተባለውን በየቀኑ አደረገው። ጠዋት ጠዋት በየመደቡ ጥግ የተደፉትን ስባሪ ሸክላዎች አንድ በአንድ ያነሳል። ጉርጡን አውጥቶ ሆዱን፣ እግሩን፣ ዓይኑን ይመለከታል። ሁለት ጊዜ እንዳይቆጥረው የላስቲክ ገንዳ ውስጥ ያኖረዋል። አርባው ሲሞላ እያንዳንዱን ወደየቤቱ ይመልሳል። በባዶ እጁ ግን አንድም ቀን አልነካቸውም። "የነካውን ሁሉ ይጠጣል ብላለች። የእኔን እጅ ጠጥቶ ማን ይተርፋል?" አለኝ። ስለዚህ እትዬ ያጠበችለትን ጓንት እስከ ክርኑ ይስባል፣ እጃችሁን አርጥቡ የተባለውንም ትእዛዝ ላለመጣስ ጓንቱን ውሃ ይነክራል። እኔም ሳየው ለሚጠላው ፍጥረት እንዲህ መጠንቀቁ አንጀቴን በላው።

መጥላቱም ብዙ አልቆየም። በሁለተኛው ሳምንት እራት ላይ ስለ ጉርጥ ማውራት ጀመረ። በሩ አጠገብ የሚቀመጠውን ወፍራሙን "ዳኛው" ብሎ ሰየመው፤ ማንም ቢገባ ቢወጣ ቀና ብሎ አይቶ ፍርዱን ሳይናገር ዓይኑን ይጨፍናል። "ትናንት አንዱን ቀንድ አውጣ እንዴት እንደዋጠው ብታዪ" ይላታል እትዬን። "ዓይኑን ጨፍኖ ነው የሚውጠው፤ ዓይኑ ራሱ ወደ ውስጥ ገብቶ ይገፋዋል።" እትዬ ማንኪያዋን አስቀምጣ "ምግብ ላይ ነን እኮ" ትለዋለች። ሰላጣው አማረ። ቅጠሉ ላይ ቀዳዳ ጠፋ። እኔም ማሸጊያ ክፍል አንገቴን ቀና አድርጌ መሄድ ጀመርኩ።

በሦስተኛው ሳምንት አንድ ጉርጥ እግሩን ዘርግቶ ሞቶ ተገኘ። አርጅቶ ይሆናል አልን። በማግስቱ ሁለት ሞቱ። አምስተኛው ሳምንት ሲያልቅ የሞቱት አሥራ አንድ ሆኑ።

ዘበኛው ጋ ግን አንድም አልሞተም። ይሄ ነው ሁላችንንም ያደናገረን። ዘበኛው እንደሆነ ሰው ይወቀው አይወቀው ሥራ የሚባል ነገር አይወድም። የመጠጫ ሳህኑን ውሃ በጎማ ከበር ላይ ሆኖ ይሞላል፣ አንገቱን ብቅ አድርጎ "አላችሁ?" ይላል፣ መዝገቡ ላይ "ሁሉም አሉ" ብሎ ይጽፋል። አግሮኖሚስቷ በሳምንቱ መጥታ ስትቆጥር እውነትም ሁሉም አሉ። እንዲያውም ሰብተዋል።

አጎቴ መጀመሪያ ውሃውን ጠረጠረ። ውሃው ከአንድ ቧንቧ ነው የሚመጣው። ቀጥሎ ድመት ጠረጠረ፤ ግን የሞቱት ላይ ጭረት እንኳ የለም። በመጨረሻ የቀረው ዘበኛው ነበር። አንድ ጠዋት በሩ ላይ ያዘው።

"ምንድን ነው የምታስገባብኝ?"

"ምን?"

"ያንተ አንድም አልሞተም። የእኔ ያልቃል። ምንድን ነው የምታስገባብኝ?"

ዘበኛው መሐላ ሲያበዛ አይቼ እኔም ተጠራጠርኩ። አሁን ሳስበው ሰውዬው የማለው እውነቱን ስለነበር ነው። "እኔ እኮ ያንተ ቤት አልገባም፣ የራሴም ቤት አልገባም" አለ። "ምናልባት አበዛኸው እንደሆነስ? እኔ ሚስቴን እንኳ እንደዚያ በየቀኑ አልቆጥራትም።" ሴቶቹ ሳቁ። አጎቴ አልሳቀም። ከዚያ ቀን ጀምሮ ከዘበኛው ጋር ሰላምታ አቆሙ።

የባሰው ደግሞ ከዚህ በኋላ የመጣው ነው። ጉርጦቹ ሲሞቱ አጎቴ እንክብካቤ ጨመረ። በቀን አንዴ የሚቆጥረውን ሁለቴ አደረገው። የደከመ የመሰለውን ከሌሎቹ ለይቶ በመዳፉ ይዞ ውሃ ያንጠባጥብለታል። ብዙ የያዘው በማግስቱ ይሞታል፤ ቶሎ የለቀቀው ይተርፋል። "እጄ አመድ አፋሽ ነው" አለኝ አንድ ቀን ደረጃው ላይ ተቀምጦ። "ለዚህ ዘበኛ ሳይለፋ ይሰባለታል። እኔ አቅፌ ይሞትብኛል። ምን በድዬ ነው?" እኔ ጭራሽ ተቆጣሁት። ግራ ሲገባኝ መቆጣት ልማዴ ነው። ጉርጥ እኮ ነው፣ ልጅ አይደለም አልኩት። ሳልጨርሰው ቆጨኝ።

ቀንድ አውጣው ተመለሰ። ሰላጣው ወንፊት ሆነ። በሰባተኛው ሳምንት ባለቤቱ መጥቶ አንድ ራስ ሰላጣ ነቀለ፣ አገላብጦ አየ፣ ቆሻሻ መጣያ ውስጥ ጥሎት ሄደ። ሦስት ሳምንት ቀርቷል።

በዚህ መሐል የእትዬ እጅ ባሰበትና አጎቴ ወደ ትልቁ ሆስፒታል ወሰዳት። አራት ቀን ቆዩ። ጉርጦቹን አደራ የሰጠው ለእኔ ነው። ጓንት የለኝም፣ የእሱም ከረጢቱ ውስጥ ታስሮ ቤት ቀርቷል። በባዶ እጄ፣ ውሃ ነክሬ፣ ፊቴን አዙሬ ነበር የማነሳቸው። የመጀመሪያውን ስይዝ የጮህኩት ጩኸት ዘበኛውን ከእንቅልፉ ቀሰቀሰው። ለካ ቀዝቃዛ ብቻ ነው፤ እንደ እርጥብ ዳቦ ነገር። በአራት ቀን ውስጥ አንድም አልሞተብኝም።

ከዚያ ሞኝነቴ መጣ። ሲመለሱ ገና በሩ ላይ "ለእኔ አንድም አልሞተብኝም" አልኩት። ደስ የሚለው መስሎኝ ነበር። ፊቱ ሲለዋወጥ አይቼ ምላሴን በነከስኩ አልኩ። "ጎሽ" ብሎኝ ገባ። በዚያ ቀን እጁን አራት ጊዜ ታጠበ።

ሆስፒታሉ ምን አለ ብዬ እትዬን ጠየቅኳት። "ነርቭ ነው አሉ" አለችኝ። "ከምን እንደመጣ አላወቁትም። ስኳር የለሽም አሉ፣ መጠጥ ትጠጫለሽ ወይ አሉኝ፣ ሳቅኩ። ፋብሪካ ሠርተሽ ታውቂያለሽ ወይ፣ ቀለም፣ መድኃኒት፣ ምናምን ነክተሽ ታውቂያለሽ ወይ ብሎ ጠየቀኝ ወጣቱ ሐኪም። ኧረ እኔ የቤት እመቤት ነኝ አልኩት። እሱም ጻፈ።" ኩባያውን በሁለት መዳፏ ይዛ ሻይዋን ጠጣች። የሰጧት ክኒን ለመደንዘዙ ሳይሆን ለሕመሙ ነበር።

አጎቴ ሥራ በተመለሰ በሁለተኛው ቀን ሦስት ሞቱ። አንዱ ዳኛው ነበር። ያን ቀን አጎቴ በራሱ እግር አግሮኖሚስቷ ቢሮ ሄደ። የሄደው ሊሰናበት ነው። እኔም ተከትዬው ስለነበር ሰማሁት። "እነዚህ ፍጥረቶች ከእኔ ጋር አልተስማሙም" አላት። "ለሌላ ሰው ስጪያቸው። እኔ ብወጣም የቀሩት ቢተርፉ ይሻላል።"

ወጣቷ ብዕሯን አስቀመጠች። "እስቲ ጋሼ፣ ጠዋት የሚያደርጉትን አንድም ሳይቀር ያሳዩኝ።"

አንደኛው ቤት ገባን። አጎቴ ከከረጢቱ ጓንቶቹን አውጥቶ እስከ ክርኑ ሳበ። ጎንበስ ብሎ ጉርጦቹ ከሚነከሩበት ሳህን ውስጥ እጁን አጠለቀ፤ "አርጥቡ ብለሽ የለ" አላት። ስባሪውን ሸክላ አነሳ። ከሥሩ ያለውን ጉርጥ እንደ እንቁላል በሁለት መዳፉ ይዞ ወደ እሷ ዞረ።

እሷ ጉርጡን አልነበረም የምታየው።

"ይሄ ጓንት በፊት ለምን ነበር የሚያገለግለው?"

"ለርጭት። ግን አትስጊ፣ ንጹህ ነው። ከአዲስ ይነጻል። ባለቤቴ በየቅዳሜው በሳሙና ታጥበዋለች።"

"ላስቲክ እኮ መድኃኒቱን ይመጠዋል ጋሼ። ላዩ ቢታጠብም ውስጡ ይቀራል። ሲረጥብ ትንሽ ትንሽ እያለ ይለቀዋል።"

"ሃያ አራት ዓመት ታጥቧል" አለ አጎቴ፤ ያልሰማችው መስሎት።

"መታጠቡ አይደለም ቁምነገሩ። እንዲህ ያለ ጓንት በየጊዜው ይጣላል። የሚያጥበውም ሰው ቢሆን ጓንት አድርጎ ካልሆነ በቀር በእጁ መንካት..." እዚህ ላይ ቆመች።

"ጓንት ለማጠብ ደግሞ ጓንት ይደረጋል?" አላት አጎቴ። ጥያቄው የምር ነበር። ግራ የገባው ሰው የሚጠይቀው ጥያቄ ነው።

ጉርጡ መዳፉ ላይ ጉሮሮው ይመታል። አጎቴ ቀስ ብሎ ጎንበስ አለና መሬት አስቀመጠው። ከዚያ ሳይነሳ፣ እንደተንበረከከ፣ "ለሰውስ?" አለ።

"ስለ ሰው አላውቅም ጋሼ። እኔ የማውቀው ስለ ሰላጣና ስለ ጉርጥ ነው። ሐኪም ነው የሚያውቀው።"

"ሐኪሙማ ጠይቋት ነበር" አለ። "መድኃኒት ነክተሽ ታውቂያለሽ ወይ ብሏት ነበር። እኔ አጠገቧ ተቀምጫለሁ። የቤት እመቤት ነኝ ስትል ልክ ነች ብዬ ራሴን ነቀነቅኩ።"

ጓንቶቹን አወለቀ። አግሮኖሚስቷ በፌስታል አስራ ወሰደቻቸው። ሳህኑንና ገንዳውን ሁሉ አስወጥታ አዲስ አመጣች። እኔ እንደ ሐውልት ቆሜያለሁ። ያ ጓንት ስንት ዓመት ከሸሚዜ አጠገብ እንደተሰጣ እያሰብኩ፣ እንዲህ ያለውን ነገር ማሰብም እያሳፈረኝ፣ ሁለቱንም መተው እያቃተኝ።

ሥራውማ ተረፈ። ከሁለተኛው ቤት አሥር የሰቡ ጉርጦች ወደ አንደኛው ተዛወሩ፤ ዘበኛውም "ሳልቆጥር ያሰባኋቸውን ሰጠሁት" እያለ ሲያወራ ከረመ። አጎቴ በባዶ እጁ መያዝ ተማረ። አሥረኛው ሳምንት ላይ ባለቤቱ ሰላጣ ነቅሎ አየና ወደ ቆሻሻ መጣያው ሳይሆን ወደ ሳጥኑ ከተተው፤ ከእሱ ይሄ ትልቅ ምስጋና ነው። አጎቴ እስካሁን እዚያው አለ። ግን ይሄን የምናገረው አስጨንቄ እንዳላቆያችሁ ብዬ እንጂ፣ የእኔ ሐሳብ ያለው እዚያች ቅዳሜ ላይ ነው።

አግሮኖሚስቷ ጓንቶቹን በወሰደች ማግስት ቅዳሜ ነበር። እትዬ ሳፋዋን አውጥታ ከረጢቱን ፈታች። ቱታው ብቻ ነው ያለው።

"ጓንቶቹስ?"

"ጠፉ" አለ አጎቴ።

ፈለገቻቸው። አልጋ ሥር፣ የውሃ በርሜሉ ኋላ፣ የጎረቤት አጥር ጥግ። በመጨረሻ ማስጫው ገመድ ሥር ቆማ እጆቿን አየች። "እኔ ነኝ የጣልኳቸው" አለች። "ባለፈው ሳሰጣ መቆንጠጫውን በደንብ አልያዝኩትም። ወድቀውብኝ ውሻ ወስዷቸው ይሆናል። ይሄ እጄ እንደሆነ ከድቶኛል። ሃያ አራት ዓመት አንዲት ነገር ጥዬብህ አላውቅም ነበር።" እንባዋ መጣ። ለብርጭቆው ሁሉ የሳቀች ሴት ለዚያ ጓንት አለቀሰች።

አጎቴ ከተቀመጠበት ተነሳ። እኔ ንገራት፣ ንገራት እላለሁ በልቤ። ደግሞ ምን ብሎ? በእጅሽ ገደልኩሽ ይበላት? እሱ እንኳ እርግጠኛ ያልሆነበትን ነገር እንዴት አድርጎ ይንገራት? ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ይሆናል፣ ጅቡም ጅብ መሆኑ አልታወቀም። እሷ ቱታውን ልትዘፈዝፍ ወደ ሳፋው ተመለሰች፤ እሱም አጠገቧ ቁጭ አለና ሳፋው ውስጥ የገቡትን እጆቿን በባዶ እጁ ይዞ አወጣቸው። እሷ ደንግጣ "ኧረ ታጠብክ?" አለችው፤ ልማድ ነው። "እጅሽ ምንም አላጠፋም" አላት። ጣቶቿን አንድ በአንድ በሸሚዙ ጫፍ አደረቀላት። ቱታውን እኔው እጥለዋለሁ ብሎ ወሰደው። እሷም ሰውዬው ምን ነካው በሚል ዓይን አየችኝ። እኔ ገመዱን አየሁ።

ሰኞ ሆስፒታል ተመለሱ፤ እኔም ሄድኩ። አጎቴ ሐኪሙ ጋ አልሄደም፣ መጀመሪያ መዝገብ ቤት ነው የሄደው። መስኮቱ ላይ ጎንበስ ብሎ "የሷን ካርድ አውጣልኝ፣ የተሳሳተ ነገር አለበት" አለው ጸሐፊውን። ጸሐፊው ፈልጎ አወጣ።

"ምኑ ነው የተሳሳተው?"

"ሥራ የሚለው።"

"የቤት እመቤት ይላል።"

"ሰርዘው።"

"ምን ልበል ታዲያ?"

"መድኃኒት ረጪ በል። ሃያ አራት ዓመት።"

ጸሐፊው አንዴ እሱን፣ አንዴ እሷን አየ። እትዬም ሳቋ መጣ፤ "እኔ? ያን ፓምፕ ተሸክሜ?" አለች። ከዚያ የአጎቴን ፊት አየችና ሳቋን ተወችው። ጸሐፊው ብዕሩን አንስቶ "ይቅርታ፣ ግራ ገባኝ። ሕመምተኛዋ እሷ ነች፣ ረጪው እርስዎ ነዎት አይደል?" አለ።

"ጻፈው" አለ አጎቴ። "ለሐኪሙ እኔ አስረዳዋለሁ።"

ጸሐፊው ጻፈው። አጎቴ የእትዬን እጅ እንደያዘ ነበር። ወረፋ ጠብቁ ተባልንና አግዳሚው ላይ ተቀመጥን።